ባዶው ጋቢና፤ ከደሴ እስከ መቀሌ

መቀሌን ለመጎብኘት አልሄድኩም። ይህን ከመነሻው መናገር የሚገባኝ፣ ከዚህ ጽሑፍ ሐውልትና ቤተ መንግሥት የሚጠብቅ አንባቢ ጊዜውን እንዳያባክን ነው። የሄድኩት አባቴን ወንድሜ ዘንድ አድርሼ፣ በስድስተኛው ቀን ይዣቸው ልመለስ ነበር። አዲስ አበባ ባለኝ ቤት ውስጥ ለእሳቸው አንድ ክፍል አዘጋጅቻለሁ፦ ደረጃ የሌለው፣ ፀሐይ የሚገባው፣ ለውዱእ እንዲመች ቧንቧው ዝቅ ብሎ የተሠራ፤ የቂብላውንም አቅጣጫ ከሰፈሩ መስጊድ ሰው አስመጥቼ ግድግዳው ላይ በእርሳስ አስምሬያለሁ። እናቴ ከሞተች ሁለት ዓመት ሆኗታል። አባቴ ደሴ ውስጥ ብቻቸውን ይኖራሉ፤ ሰባ አራት ዓመታቸው ነው፤ ባለፈው ክረምት ደጃፋቸው ላይ ወድቀው ግማሽ ቀን ያህል የሚያነሣቸው ሰው አላገኙም። እኔ ዘንድ እንዲመጡ ስለምናቸው ያቀረቡት ቅድመ ሁኔታ አንድ ብቻ ነበር፦ «አስቀድሜ ሰይድን ልየው።»

ሰይድ ታናሽ ወንድሜ ነው፤ መቀሌ ውስጥ ሚኒባስ ይነዳል። አባቴ ዕድሜያቸውን ሙሉ ሒሳብ ያስተማሩ ሰው ናቸው። ሰባተኛ ክፍል ላይ የገዛ ልጃቸውን በአንድ ነጥብ ጥለው ክፍል አስደግመውታል። ለሌላ ሰው ልጅ ቢሆን ኖሮ ያችን ነጥብ ይጨምሩለት ነበር፤ ይህን ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል፣ ሰይድም ያውቃል። ክፍሉን ደገመ፣ አለፈ፣ አሥረኛን ሳይጨርስ ጨርቅ ከሚነግዱ የሰፈራችን ሰዎች ጋር ወደ ሰሜን ሄደ። መጀመሪያ ተሸካሚ፣ ቀጥሎ ረዳት፣ በመጨረሻ ሹፌር ሆነ። አባትና ልጅ ተጣልተው አያውቁም፤ ተነጋግረውም አያውቁም። ቃል ሲኖራቸው በእናቴ በኩል ይላላኩ ነበር፣ በአንድ ክፍል ውስጥ ተቀምጠው ሳለ እንኳ። እናቴ ስትሞት ወርቅ አልነበራትም፤ ያወረሰችኝ ይህን ሥራ ነው።

የመጀመሪያው ቀን

በዩኒቨርሲቲ የማስረጃ ሕግ ስለማስተምር የሴሚስተሩን ዕረፍት ጠብቄ ደሴ ወረድኩ። በማግሥቱ ማለዳ መናኸሪያ ስደርስ አባቴ ቀድመውኝ ቆመዋል። ጉሙ የጦሳን ተራራ ከወገቡ በላይ ውጦታል። ግራጫ ሱፋቸውን ለብሰው፣ ዣንጥላ ይዘው፣ አንድ ትልቅ ሻንጣ አስጭነዋል። ለስድስት ቀን ጉዞ የክረምት ካፖርታቸውንና ሬዲዮናቸውን ጨምረው ነበር። ማስረጃ የማስተምር ሰው ሆኜ በዚያ ማለዳ ካፖርቱን እንደ ካፖርት ብቻ አይቼ አለፍኩት።

«ዶክተር፣ ቁርስ በልተሻል?» አሉኝ። ማዕረጉን ካገኘሁበት ቀን ጀምሮ በስሜ ጠርተውኝ አያውቁም። ሰዎች ይህን ክብር ነው ይሉኛል፤ እኔ ሰዎቹን አላርማቸውም።

ሐይቅን፣ ውጫሌን፣ መርሳን አልፈን ወልዲያ ምሳ በላን። ከዚያ በኋላ የቆቦ ሜዳ ይጀምራል። ደሴ ላይ አድማስ የሚባል ነገር የለም፤ ዐይን በሄደበት ሁሉ ገደል ወይም ጋራ ይይዘዋል። እዚህ ግን መሬቱ እንደ ትሪ ጠፍጣፋ ነው፤ ሙቀቱም እንደ ትሪው ጠርዝ ከሁሉም ወገን ያንጸባርቃል። በዚሁ ሜዳ መካከል የአውቶቡሱ ሞተር ቺንጋ ተበጠሰና ቆምን። ረዳቱ ሌላ ቺንጋ ፍለጋ በጭነት መኪና ወደ ወልዲያ ተመለሰ። ሹፌሩ መንገድ ዳር ተቀምጦ ጫማውን አወለቀ፤ ይህም ጥበቃው ረዥም እንደሚሆን የሚያስረዳ በቂ ማስረጃ ነበር።

አንድ ገበሬ ከማሳው ማዶ መጥቶ ሽማግሌ መርጦ ይመስል አባቴን በክንዳቸው ያዘ። «አሰላሙ አለይኩም። በሞቴ ከዚህ ፀሐይ ይነሡ» ብሎ ግራር ሥር ቁርበት አነጠፈላቸው። ሚስቱ ውኃና ቆሎ አመጣች። አዲስ አበባ ውስጥ አውቶቡስ ሲበላሽ ተሳፋሪው ስልኩን ያወጣል፤ ውኃ የሚያመጣ ጎረቤት በሥነ ሥርዓቱ ውስጥ የለም።

«ወዴት ነው ጉዞው?» አለ ገበሬው።

«መቀሌ፣ ልጄ ዘንድ።»

«ምን ይሠራል ልጅዎ?»

አባቴ ቆሎውን በእጃቸው ይዘው አሰቡ። «ሰው ያደርሳል» አሉ።

«እሰይ! እሷስ?»

«እሷ ዶክተር ናት።»

ገበሬው ሱሪውን ሰብስቦ ጉልበቱን አሳየኝ። «እስቲ ይህችን እይልኝ፤ ስነሣ ቋ ትላለች።»

«የሕግ ዶክተር ነኝ» አልኩት።

«የሕግ?» ብሎ ሚስቱን ዞሮ አያት፤ ከዚያ ወደ እኔ። «ሕጉን ደግሞ ምን አመመው?»

አባቴ ሳቁ። አባቴ ሲስቁ የላይኛው ጥርሳቸው ሳይታይ ትከሻቸው ብቻ ይነቃነቃል። ይህን ካየሁ ዓመታት አልፈዋል፤ በእኔ ላይ መሆኑን ይቅር ብያለሁ።

ቺንጋው መጥቶ አላማጣ ስንደርስ ሹፌሩ እዚያው እንድናድር ወሰነ። ያረፍንበት ቤት ባለቤት አባቴ ደረጃ መውጣት እንደማይችሉ ሲመለከት የራሱን ምድር ቤት ክፍል ለቅቆላቸው እሱ ፎቅ ወጣ። ደሴ ውስጥ በሁለት ብርድ ልብስ የሚተኛ ሰው አላማጣ ላይ አንሶላውም ይበዛበታል።

ሁለተኛው ቀን

ግራካሱ ከአላማጣ ጀምሮ እየተጠማዘዘ የሚወጣ አቀበት ነው። ሹፌሩ በእያንዳንዱ ጥምዝ ላይ በመሪው ላይ እየተኛ ይዞራል። አባቴ ከዚያ በፊት ከመስኮቱ ውጭ ያዩ ነበር፤ ከግራካሱ ጀምሮ ግን ዐይናቸውን ከሹፌሩ እጅ አልነቀሉም። ኮረም ላይ ብርዱ መለሰንና እቤታችን የደረስን መሰለን። የሐሸንጌን ሐይቅ ሳሳያቸው «አዎ፣ ውኃ ነው» ብለው ወደ ሹፌሩ ተመለሱ።

ማይጨው ለምሳ ቆምን። የገባንበት ሆቴል የክርስቲያን ነበርና አባቴ የእስላም ሥጋ የት እንደሚገኝ ጠየቁ። ባለቤቱ በጣቱ ጠቁሞ መገላገል ይችል ነበር፤ እሱ ግን ደንበኞቹን ጥሎ፣ መንገድ አሻግሮ፣ ተፎካካሪው ቤት ድረስ ወሰደንና «ኣቦይ እንግዳዬ ናቸው፣ ለስላሳውን ሥጋ ስጧቸው» ብሎ አስረከበን። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ከአንዱ ትምህርት ክፍል ወደ ሌላው ተማሪ የሚመራው በዚህ ዓይነት ቢሆን እኔም የተሻልኩ ሰው በሆንኩ ነበር።

እዚያው ሹፌራችንን አገኘነው። አባቴ ምግባቸውን ትተው ወደ ጠረጴዛው ሄዱ።

«ልጄ፣ ለዚህ ሥራ ይበልጥ የሚያስፈልገው ዐይን ነው ወይስ ጉልበት?»

ሹፌሩ አፉን የሞላውን ዋጠ። «አባቴ፣ እንቅልፍ ነው። ሲገኝ።»

አባቴ አመስግነው ወደ ምግባቸው ተመለሱ።

መቀሌ ስንደርስ ከሰዓት በኋላ ነበር። ከተማዋ የድንጋይ ናት። ደሴ የጭቃና የቆርቆሮ፣ አዲስ አበባ የብሎኬትና የመስታወት ከተማ ነው፤ እዚህ ግን ተራ የመንደር ግንብ እንኳ ጠርዙ ተጠርቦ በልክ የገጠመ ነው። ሥራውን አደነቅሁ፤ ሥራን ሳደንቅ አልዋሽም። ነፋሱ አቧራ ይዞ ይነሣል፣ ሰማዩ ግን እንደታጠበ ነው።

ሰይድ መናኸሪያው በር ላይ ቆሞ ይጠብቀን ነበር። የአባቴን ጉልበት ሊስም አጎነበሰ፤ እሳቸው ትከሻውን ይዘው አስቀሩት፣ እጃቸውንም ራሱ ላይ አሳረፉ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ።

«ከስቷል። ምግብ ይበላል ወይ በይው።»

«እበላለሁ በያቸው» አለ ሰይድ፣ ሻንጣውን እያነሣ። «ይሄ ምንድን ነው? ድንጋይ ነው እንዴ የያዙት?»

«ካፖርት ነው በይው።»

ሁለት ደቂቃ ሳይሞላ ሥራዬን ጀመርኩ።

ሦስተኛው ቀን

ሰይድ የሚኖረው ሓድነት በሚባል ሰፈር ውስጥ በተከራየው ሁለት ክፍል ነው። ግቢው ሰፊ ነው፤ ዙሪያው ጋራዥና ትናንሽ ሱቅ፤ ከጠዋት ጀምሮ የብረት ድምፅ አይጠፋም። ለአባቴ የተሰጠው ክፍል ግድግዳው አዲስ ኖራ ተቀብቷል፣ ፍራሹም ከላስቲኩ አልወጣም።

«ይሄን መቼ ገዛኸው?» አልኩት።

«ጓደኛዬ አስቀምጥልኝ ብሎ ነው» አለ።

ላስቲኩን አየሁት፣ እሱንም አየሁት፤ ምስክርነቱን አልተቀበልኩም።

የግቢው ባለቤት ወይዘሮ ለተብርሃን ይባላሉ፤ ሁሉም «ኣደይ ለተብርሃን» ይላቸዋል፣ እናቴ ማለት ነው። እሳቸው ክርስቲያን ናቸው። ለእንግዶቹ ዶሮ ሊሠሩ አስበው ቀይ አውራ ዶሮ ገዝተዋል፤ ከእሱም ጋር አዲስ ድስት። «በዚች ድስት የኛ ሥጋ ኣልገባባትም፣ ጓለይ፣ ልጄ። ኣታስቢ» አሉኝ። ለሃይማኖታችን የተገዛ ድስት ስመለከት ይህ የመጀመሪያዬ ነው። አዲስ አበባ ጎረቤቴ አሥር ዓመት ሙሉ ለበዓል የምትልክልኝ ዳቦ ብቻ ነው፤ የማሰብ ጣጣ የለበትም።

ዶሮውን ማረድ የሚገባው ሙስሊም በመሆኑ ቢላው ወደ እኛ መጣ። በደንባችን አባት እያለ ልጅ አያርድም። የአባቴ እጅ ግን ይንቀጠቀጣል፤ ይህንንም ሁላችን አየነው።

«ዶክተር፣ ለወንድምሽ ስጪው» አሉ። «የወጣት እጅ ይሻላል።»

«አባት ቆሞ ልጅ ቢላ አያነሣም በያቸው።»

«ፈቅጃለሁ በይው።»

«ቢፈቅዱም ነውር ነው በያቸው።»

ኣደይ ለተብርሃን ዶሮውን በብብታቸው እንደያዙ አንዴ አንዱን አንዴ ሌላውን አዩ። «ኣንቱ! እናንተ በኣስተርጓሚ ስትማከሩ ዶሮው በእርጅና ሊሞትብን ነው!»

በመጨረሻ አባቴ ክንፉን ያዙ፣ ሰይድ ቢላውን። ሁለቱም በአንድ ትንፋሽ «ቢስሚላህ» አሉ። አባቴ ሰይድ እስኪጨርስ ድረስ የልጃቸውን እጅ ሲመለከቱ፣ እኔ እጄን አጣምሬ በቆምኩበት ራሴን የማስተረጉምለት የሌለኝ ሰው ሆኜ አገኘሁት።

አራተኛው ቀን

በነጋታው በማለዳ ስነሣ አባቴ ሱሪያቸውን ጠቅልለው፣ ባልዲ ይዘው፣ የሚኒባሱን ጎማ ያጥባሉ። ሦስቱን ጨርሰው አራተኛው ላይ ነበሩ። ሰይድ ከበሩ ወጥቶ ሲያያቸው ፊቱ ጠቆረ።

«እታለም፣ ይተዉ በያቸው! ስንቱን ያስተማሩ ሰው የሹፌር ጎማ ሲያጥቡ ሰፈሩ ምን ይለኛል?»

«ነቅቼ ሥራ ስላጣሁ ነው በይው» አሉ አባቴ፣ አራተኛውን እያጠቡ።

ያን ዕለት አባቴ ከተማውን ማየት እንደሚፈልጉ ተናገሩ። ከተማውንም ያዩት በዚህ መንገድ ነው፦ ከሓድነት ወደ ሮማናት አደባባይ፣ ከሮማናት ወደ ሓድነት፣ በሰይድ ሚኒባስ፣ ከጠዋት እስከ አሥር ሰዓት። ሰይድ ከሹፌሩ ጎን ያለውን የጋቢና መቀመጫ ለእሳቸው አዘጋጅቶ ነበር፤ ታጥቦ የተተኮሰ ነጭ ጨርቅ አልብሶታል። አባቴ ጋቢናውን አይተው፣ ጎንበስ ብለው በጎን በር ገቡና የመጨረሻው ወንበር ላይ ተቀመጡ። እኔም አጠገባቸው። እንደማንኛውም ተሳፋሪ ለረዳቱ ከፈሉ። ሰይድ ጋቢናውን ለማንም አልሰጠም።

ረዳቱ ሓጎስ ይባላል፤ ከሰይድ በዕድሜ እጅግ የሚበልጥ፣ ጢሙ የሸበተ፣ ድምፁ መንገድ የሚሻገር ሰው ነው። በየፌርማታው ያው ክርክር ይነሣል።

«ጋቢና ባዶ ነው እኮ!» አለች አንዲት ዘንቢል የያዘች ሴት።

«ተታሒዙ እዩ፤ ተይዟል።»

«ማን ያዘው? ነፋስ ነው?»

«ባለቤቱ ከኋላ ተቀምጧል። እስኪመጣ እየጠበቅን ነው» አላት ሓጎስ። ከዚያ አንገቱን ወደ ኋላ ዘርግቶ፣ «ኣቦይ መምህር፣ በርስዎ ምክንያት ሹፌራችን ዛሬ እንደ ሙሽራ ነው የሚነዳው! ጥሩምባ ኣልነፋም፣ ማንንም ኣልተሳደበም። ታሟል ብለው ጓደኞቹ እየደወሉልኝ ነው» አለ። መኪናው ሁሉ ሳቀ። ሰይድ አልሳቀም፤ ጆሮው ግን ቀላ።

ሙዚቃም አልነበረም። አባቴ ወደ እኔ ዘንበል አሉ። «ቴፑ ተበላሽቶ ነው ወይ በይው።»

ከኋላ ወንበር ጮኬ ጠየቅሁት። «እንዳይረበሹ ነው በያቸው» አለ።

«አልረበሽም በይው።»

ነገርኩት። ማንም አልከፈተውም።

አምስተኛው ምልልስ ላይ ለምን ጋቢና እንደማይቀመጡ ጠየቅኋቸው። የሚከፍል ሰው ቦታ መያዝ ለልጁ ሥራ ደንቃራ መሆን ነው አሉኝ። ባዶውን እየሄደ መሆኑን ነገርኳቸው። አገጫቸውን ወደ ፊት አነሡ። ከሹፌሩ በላይ የተሰቀለው መስታወት ከእኛ ወንበር በትክክል ይታይ ነበር፤ በመስታወቱ ውስጥ ደግሞ የሰይድ ፊት፣ ከግንባሩ እስከ አፉ።

«ከጋቢና ይሄ አይታይም» አሉ።

እኔ ማስተማር ከጀመርኩ ሃያ ዓመት ሊሞላኝ ምንም ያህል አልቀረም። የማስተምርበት አዳራሽ የኋላ ወንበሮች ለሁሉም ክፍት ናቸው። አባቴ አንድም ቀን አልመጡም። ይህን ለማንም አቤት አላልኩም፤ እዚህም የጻፍኩት እንደ ቅሬታ ሳይሆን እንደ ፍሬ ነገር ነው።

ከሰዓት በኋላ ሮማናት ወርደን ከአደባባዩ ፊት ለፊት ካፌ ገባን። አባቴ ሻያቸውን አማስለው አማስለው አልጠጡትም።

«ዶክተር፣ አንድ ነገር ጠይቂልኝ። እዚሁ ብቀመጥ… ሰይድ ዘንድ። ይከብደው እንደሆነ።»

«አዲስ አበባ ያለውስ ክፍል?»

«ክፍሉ በጣም ጥሩ ነው። አላህ ይስጥሽ።» ሻዩን እንደገና አማሰሉ። «እኔ እንዳልኩ ግን አትንገሪው። ከራስሽ እንደመጣ አድርጊና ጠይቂው። አደራ።»

አምስተኛው ቀን

ዕለቱ ጁምዓ ነበር። አባቴ መስጊድ እያሉ ሰይድና እኔ የደም ግፊት መድኃኒታቸውን ልንገዛ ዓይደር ሄድን። አዲስ አበባ መድኃኒት ቤት ያለ ወረቀት አልሸጥም ብሎ ይመልስሻል፤ እዚህም እንዲሁ አሉኝ፣ ግን ባለሙያዋ ወንበር ሰጥታኝ፣ ወረቀቱን ረስቼ የመጣሁትን እኔን ትታ ሰይድን «ሩጥና አምጣ» አለችው፣ እንደ ታናሽ ወንድሟ። ደርሶ ሲመለስ አልቦት ነበር። መድኃኒቱን ይዘን በሩ ላይ ቆምን።

«እታለም፣ ነገ ትሄዳላችሁ አይደል?»

«ትኬት ቆርጫለሁ።»

የመኪናውን ቁልፍ በጣቱ አሽከረከረ። «እኔ ዘንድ ቢቀሩ… ወላሂ፣ ክፍሉን ያየሽው ለሳቸው ነው የቀባሁት። ኣደይ ለተብርሃንም ቀን ቀን አሉ። ግን እኔ አልልም።»

«ለምን?»

«ያፍሩብኛል። አላየሽም? ጋቢናዬ ላይ እንኳ አልቀመጥም አሉ። ከፍለው ነው የሚሳፈሩት፣ እንደ ባዳ።» ዞር አለ። «አንቺ ጠይቂልኝ። እኔ አልኩ እንዳትይ ግን። አደራሽን።»

በዚህ ሁኔታ የአንድ ነገር ሁለት ግማሽ እጄ ላይ ወደቀ፤ ማንም ሌላ ሰው ሁለቱንም አልያዘም። ዝም ብል አባቴ ነገ ከእኔ ጋር ይሳፈራሉ። መዋሸት አያስፈልገኝም፤ ሁለት አደራ መጠበቅ ብቻ ይበቃል፤ አደራ የጠበቀን ሰው የሚወቅስ የለም። ከዚያ የተሻለ ጥፋት በሕግም በልማድም አላውቅም።

ቀኑን ሙሉ ዝም አልኩ። ይህን ማድረጌን አልደብቅም። ማታ እራት ላይ አባቴ በጥያቄ ዐይን አዩኝ፣ ሰይድም አየኝ፤ ለሁለቱም ወጡ ጥሩ እንደሆነ ነገርኳቸው። ስለ ክፍሌ ሳስብ አንድ ነገር ታየኝ። ግድግዳው ላይ ያሰመርኩት የቂብላ መስመር ወደ ሰሜን ነው፤ መቀሌም ከአዲስ አበባ በስተሰሜን ናት። አባቴ በቀን አምስት ጊዜ ፊታቸውን ወደዚያ ግድግዳ ሲያዞሩ ሐሳባቸው ሰይድ ዘንድ መሆኑን አይነግሩኝም፤ ቁርስ በልቼ እንደሆነ ይጠይቁኛል። እያንዳንዱንም ጊዜ እቆጥራለሁ። ራሴን አውቃለሁ።

ስድስተኛው ቀን

ሰማዩ ገና ሳይቀላ ሰይድ ወደ መናኸሪያ ወሰደን። ሓጎስ አልመጣም፤ ሦስታችን ብቻ ነበርን። የአባቴ ሻንጣና የእኔ ሻንጣ ጎን ለጎን ተቀምጠዋል። ኣደይ ለተብርሃን በራቸው ላይ ቆመው አባቴን በትግርኛ መረቁ፣ እኔን «ጓለይ፣ ኣይዞሽ» አሉኝ፤ ለምን እንዳሉኝ አልጠየቅሁም። አባቴ እንደ ልማዳቸው ኋላ ተቀመጡ። እኔ ጋቢና ገባሁ። በዚህ አቀማመጥ አንዱ የሌላውን ፊት በመስታወቱ እንጂ ፊት ለፊት ማየት አይችልም ነበር፤ ለምናገረው ነገር የሚስማማ ችሎት ነው ብዬ ገመትኩ።

ሮማናትን ስናልፍ ተናገርኩ።

«ከሁለታችሁም አደራ አለብኝ። አባዬ እዚህ ሰይድ ዘንድ መቅረት ይፈልጋሉ፤ እኔ እንዳልኩ አትንገሪ ብለውኛል። ሰይድ አባዬ እንዲቀሩለት ይፈልጋል፤ እሱም እኔ አልኩ አትበይ ብሎኛል። ኋላ የሚቀመጡት አፍረውብህ አይደለም፣ በመስታወቱ ፊትህን ለማየት ነው። ክፍሉም የጓደኛ ፍራሽ ማስቀመጫ አይደለም፣ ለእርስዎ የተቀባ ነው። ይህን ከትናንት ቀን ጀምሮ አውቃለሁ። የሁለታችሁንም አደራ በላሁ። ከዚህ በኋላ የምለው የለኝም።»

ሰይድ መሪውን በሁለት እጁ ይዞ ቀጥ ብሎ ይነዳል። ጎዳናው ባዶ ነበር፣ ሱቆቹ ዝግ። የመናኸሪያው አጥር መጣ፣ በሩም መጣ፤ ሰይድ አላየውም፣ ወይም አይቶ አላመነውም። በሩን አለፍነው።

ያን ጊዜ ነው አባቴ ከመጨረሻው ወንበር ድምፃቸውን ያሰሙት። ከደሴ ከተነሣን ጀምሮ በመካከል ማንንም ሳያስገቡ ለልጃቸው የተናገሩት የመጀመሪያ ቃል ነበር፤ አነጋገራቸውም ክፍል ውስጥ ስም እንደሚጠራ መምህር የጠራ ነበር።

«ወራጅ አለ» አሉ።

ሰይድ ፍሬን ያዘ።

ወራጇ እኔ ነበርኩ። ሰይድ ወርዶ ሻንጣዬን አወጣልኝ፤ ሌላውን ሻንጣ አልነካውም። እጄን ሊስም ሲያጎነብስ ሊናገር ፈልጎ አቃተው፤ ከማን እንደወረሰው ስለማውቅ አልጠበቅሁትም። አባቴ መኪናው ውስጥ እንደተቀመጡ በመስኮቱ እጃቸውን ዘርግተው ረዥም ዱዓ አደረጉልኝ፦ መንገዱን ቀና፣ ሥራሽን የተባረከ፣ ጠላትሽን ዝቅ ያድርግልሽ። ሁሉንም «አሚን» አልኩ። ክፍሉን ምን እንደማደርገው አልጠየቁኝም። አሁን መጽሐፍ አስገብቼበታለሁ፤ ለመጽሐፍ ይስማማል፣ እርጥበት የለውም።

አውቶቡሱ ላይ ሁለት ወንበር ነበረኝ። ከመቀሌ ብዙም ሳንርቅ ይመስለኛል፣ አንዲት የሐይቅ ከተማ ሴት ከነዕቃዋ ተሳፍራ አጠገቤ ያለው ቦታ ሰው እንዳለው ጠየቀችኝ። የለውም አልኳት። ተቀመጠች፣ ነጠላዋን አስተካከለች፣ እንደ አገራችን ወግ ወዲያውኑ ምርመራዋን ጀመረች።

«ማንን ጠይቀሽ ነው፣ እታለም?»

«አባቴን አድርሼ ነው።»

«ማን ዘንድ?»

«ወንድሜ ዘንድ። እዚያው ይቀመጣሉ።»

«አልሐምዱሊላህ!» አለች ደረቷን ይዛ። «ታድለው! ልጅ ያለው ሰው ምን ይሆናል?»

«ምንም አይሆንም» አልኳትና፣ የመስኮቱን ወንበር ለቀቅሁላት።